ማንም ያላለቀሰለት ወረርሽኝ፦ የሐይቅ ፈንገስና ሲቆጥሩት የኖሩት ባልና ሚስት

ዛሬ ረዘም ያለ ጽሑፍ ይዤ መጥቻለሁ። የቸኮለ ሴቭ ያድርገውና ማታ ተረጋግቶ ያንብበው። ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው፤ በኋላ ኮሜንት ላይ እንዳንጨቃጨቅ ከወዲሁ ልናገር ብዬ ነው።

ወረርሽኝ ሲባል ምን ትዝ ይላችኋል? አያቶቻችን የኅዳር በሽታን ያነሳሉ። ከእነሱ በፊት የነበሩት ፈንጣጣንና ከብቱን የጨረሰውን ክፉ ቀን ያወሩ ነበር። እኛ ደግሞ ኮሮናን አየን። ገጠር ያደገ ሰው ዋግን ያውቃል፤ ትናንት አረንጓዴ የነበረ የስንዴ ማሳ በጥቂት ቀን ውስጥ ዝገት የመሰለ ነገር ለብሶ ሲገኝ ማየት ምን እንደሚመስል ገበሬ ይንገራችሁ። እነዚህ ሁሉ ታሪክ አላቸው። ለምን? ያለቀሰባቸው ሰው ስላለ።

እኔ ዛሬ የማወራችሁ ግን ማንም ስላላለቀሰለት ወረርሽኝ ነው። በሐይቆች ውስጥ፣ ከእግራችን ሥር፣ በየዓመቱ የሚነሳ ነው። በሳምንታት ውስጥ በሚሊዮንና በቢሊዮን የሚቆጠሩ ፍጥረታትን ይጨርስና ጸጥ ይላል። ዳር ቆሞ የሚያይ ሰው ውኃው ትንሽ ጠራ ከማለት በቀር ምንም አይታወቀውም። ታዲያ እንዴት ታወቀ? በዚህ ታሪክ ውስጥ የሚገርመኝ ይሄ ጥያቄ ነው። መልሱ ደግሞ አጭር ነው፦ ሰዎች ቁጭ ብለው ቆጠሩ።

*

መጀመሪያ ሟቾቹን ላስተዋውቃችሁ።

ከሐይቅ አንድ ብርጭቆ ውኃ ብትቀዱ፣ ንጹሕ ቢመስልም፣ በዓይን የማይታዩ ፀሐይን እየተመገቡ የሚኖሩ ረቂቅ ፍጥረታት ይገኙበታል። ፋይቶፕላንክተን ይባላሉ። ብዙዎቹን በተለምዶ አልጌ እንላቸዋለን። ቅጠል የላቸውም፣ ሥር የላቸውም፣ ግን እንደ ዛፍ ፎቶሲንተሲስ ይሠራሉ። በምድራችን ላይ ከሚካሄደው ፎቶሲንተሲስ ግማሽ ያህሉን የሚሠሩት በውቅያኖስና በሐይቅ ውስጥ ያሉት እነዚህ ናቸው። የሐይቅ ዓሣ የሚበላው ሁሉ ተከትለነው ብንወርድ በአብዛኛው እነሱ ላይ ያደርሰናል። የሐይቁ ሣር ናቸው በሉት።

ከእነሱ መካከል ዲያተም የሚባሉ አሉ። እነዚህ ሰውነታቸውን የሚሸፍኑት በሲሊካ ነው፤ ሲሊካ ማለት መስተዋት የሚሠራበት ነገር ነው። እያንዳንዳቸው በመስተዋት ቤት ውስጥ ይኖራሉ ማለት ነው። ከዲያተሞቹ አንዷ የዛሬው ታሪካችን ዋና ተዋናይ ናት፦ አስቴሪዮኔላ ፎርሞሳ። ረጃጅምና ቀጫጭን ሕዋሳት፣ ብዙ ጊዜ ስምንት ሆነው፣ በአንድ ጫፋቸው ይያያዙና ኮከብ ይሠራሉ። ስሟም የሚለው ይሄንኑ ነው፤ "ቆንጆዋ ትንሽ ኮከብ" እንደማለት።

ይህን ስም ያወጣላት አርተር ሂል ሃሳል የሚባል እንግሊዛዊ ሐኪም ነው። የት አገኛት መሰላችሁ? የለንደን ሰው በሚጠጣው ውኃ ውስጥ! ለንደን በ1848 እና 1849 በኮሌራ ተመታ ነበር። ሃሳል የከተማዋ የውኃ ኩባንያዎች ለሕዝቡ የሚያቀርቡትን ውኃ እየወሰደ በማይክሮስኮፕ ማየት ጀመረ። በ1850 ያየውን ሁሉ ከነሥዕሉ አሳተመ። ሕዝቡ ደነገጠ፤ ማን አይደነግጥም? የምትጠጣው ውኃ ውስጥ የሚርመሰመስ ፍጥረት ተስሎ ቢሰጥህ! በ1852 የለንደን ኩባንያዎች ለቤት የሚያቀርቡትን ውኃ እንዲያጣሩ የሚያስገድድ ሕግ ወጣ፤ የሃሳል ሥዕሎችም ለዚያ ግፊት አንድ ድርሻ ነበራቸው። ቆንጆዋ ኮከብ ወደ ሳይንስ መዝገብ የገባችው እንግዲህ ስለ ሕዝብ ጤና በተነሳ ጭቅጭቅ መካከል ነው።

በዚያው ጊዜ ገደማ፣ ጀርመን አገር፣ አሌክሳንደር ብራውን የተባለ የዕፅዋት ተመራማሪ ሌሎች አልጌዎችን ሲመረምር በላያቸው ላይ የተለጠፈች የምትገርም ነገር አየ። አንገት ያላት ክብ ነገር፣ ልክ እንደ ምንቸት። ስለዚህ ከግሪክኛ ወስዶ "ትንሿ ማሰሮ" የሚል ትርጉም ያለው ስም ሰጣት፦ ኪትሪዲየም። ዛሬ ኪትሪድ የምንላቸው ፈንገሶች በሙሉ ስማቸውን ያገኙት ከዚች ምንቸት ነው።

ልብ በሉ። የሟቿ ስምና የገዳዩ ወገን ስም የወጡት በአንድ ሰሞን፣ በሁለት አገር፣ በማይተዋወቁ ሁለት ሰዎች ነው። ሁለቱን የሚያገናኘው ታሪክ ግን አንድ መቶ ዓመት ያህል ጠበቀ።

*

አሁን ወደ ሰሜን ምዕራብ እንግሊዝ እንሂድ። ሌክ ዲስትሪክት የሚባል ተራራና ሐይቅ የተደባለቀበት አካባቢ አለ። ከሐይቆቹ ትልቁ ዊንደርሚር ነው፤ በእንግሊዝም ከተፈጥሮ ሐይቆች ትልቁ እሱ ነው። ርዝመቱ 17 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ጥልቀቱ ደግሞ እስከ 64 ሜትር ይደርሳል። ከጣናችን አጠገብ ብታስቀምጡት ትንሽ ነገር ነው። ግን በዓለም ላይ እንደ እሱ ተቆጥሮ፣ ተመዝኖ፣ ተመርምሮ ያለቀ ሐይቅ ጥቂት ነው።

በ1929 የሐይቅና የወንዝ ሕይወትን የሚያጠና ማኅበር ተቋቋመ፤ የእንግሊዝኛ ስሙ ፍሬሽዋተር ባዮሎጂካል አሶሲዬሽን ነው። በ1931 ከሐይቁ ዳር ሬይ ካስል በሚባል ሕንፃ ውስጥ ሥራ ጀመረ። ሕንፃው የጦርነት ምሽግ ይመስላል እንጂ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ የሀብታም መኖሪያ ቤት ነው።

በነገራችን ላይ በዚህ ቤት አንዲት ልጅ በ1882 በ16 ዓመቷ ከቤተሰቧ ጋር ክረምቱን አሳልፋበታለች፤ ቢያትሪክስ ፖተር ትባላለች። ዓለም የሚያውቃት በጥንቸሉ በፒተር ራቢት የልጆች መጽሐፍ ነው። ብዙ ሰው የማያውቀው ግን ከዚያ በፊት ፈንገስን አጥብቃ ታጠና የነበረች መሆኗን ነው። እንጉዳይ በጥንቃቄ ትስል ነበር፤ ዘራቸው እንዴት እንደሚበቅል ራሷ ሞክራለች። በ1897 የጻፈችው ጥናት ለንደን በሚገኘው የሊኒየን ማኅበር ቀረበ። እሷ ግን ስብሰባው ላይ አልነበረችም። ሴት መግባት አይፈቀድም ነበርና ሌላ ሰው አቀረበላት። ጥናቱም ሳይታተም ቀረ።

ይህን ያነሳሁት ወሬ ለማሳመር አይደለም። ከግማሽ ክፍለ ዘመን በኋላ፣ እዚያው ሐይቅ ዳር፣ ሌላ ሴት በማይክሮስኮፕ ላይ አጎንብሳ ፈንገስ ታጠናለች። የእሷ ጥናት ግን ይታተማል፣ በስሟም ይወጣል። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት የጭንቅላት አይመስለኝም፤ የበር ጉዳይ ነው። አንዷ ተዘጋባት፣ ሌላዋ ተከፈተላት።

*

ሁለተኛዋ ሴት ሂልዳ ካንተር ናት። በ1922 ተወለደች። ገና በሃያዎቹ ዕድሜዋ፣ በ1946፣ "የብሪታንያ ኪትሪዶች ጥናት" የሚል ተከታታይ ጽሑፍ ማሳተም ጀመረች፤ በኋላ ከ30 ክፍል በላይ ሆነ። አስቡት፣ ከ30 በላይ ጽሑፍ፣ ያውም በዓይን ስለማይታይ የአልጌ ጥገኛ!

ሐይቁ ዳር የነበረው ሌላው ሰው ጆን ላንድ ይባላል፤ በ1912 የተወለደ የአልጌ ባለሙያ። ላንድ ከ1945 ጀምሮ አንድ ሥራ ያዘ። በየሳምንቱ ከዊንደርሚር ውኃ ይቀዳል፣ አዮዲን ጠብ ያደርግበታል፣ አልጌዎቹ ወደ ታች እስኪዘቅጡ ይጠብቃል፣ ከዚያ በማይክሮስኮፕ ይቆጥራል። በሚቀጥለው ሳምንት እንደገና። ብርድ ነው፣ ዝናብ ነው፣ ጦርነቱ ገና ማለቁ ነው፣ በአገሩ ዳቦና ስኳር በራሽን ነው፤ እሱ ይቆጥራል።

ምን ፈልጎ ነው? ጥያቄው ቀላል ይመስላል። አስቴሪዮኔላ በክረምት ብርድ ጊዜ በውኃው ውስጥ ጥቂት ናት። ጸደይ ሲመጣና ብርሃን ሲጨምር ትባዛለች፤ በአንድ ሊትር ውስጥ በሚሊዮን ትቆጠራለች። ከዚያ ድንገት ቁጥሯ ያሽቆለቁላል። ለምን?

ላንድ ለጸደዩ ውድቀት ጥሩ መልስ አገኘ፦ ሲሊካ። አስቴሪዮኔላ ቤቷን የምትሠራው በሲሊካ ነው ብለናል። ስትባዛ በውኃው ውስጥ ያለውን ሲሊካ ትጨርሰዋለች። መጠኑ በሊትር ወደ 0.5 ሚሊ ግራም ሲወርድ እድገቷ ይቆማል። የጡብ ግንባታ ጡብ ሲያልቅ እንደሚቆመው ማለት ነው። ይህ ግኝት እስከ ዛሬ በመማሪያ መጽሐፍ ውስጥ አለ።

ግን ይህ መልስ ሁሉንም አልመለሰም። ሲሊካው ገና እያለ፣ ብርሃኑም እያለ፣ አስቴሪዮኔላ የምትሞትበት ጊዜ ነበር። እዚህ ላይ ነው የሁለቱ እውቀት የተገናኘው። እሱ ስንት እንዳሉ ይቆጥራል። እሷ ደግሞ በኮከቦቹ ክንድ ላይ የተለጠፉትን ትንንሽ ምንቸቶች ለይታ ታውቃለች። ስለዚህ ሁለት ነገር አብረው ቆጠሩ፦ ስንት ሕዋስ አለ፣ ከእነሱስ ስንቱ ታሟል?

በ1948 የጋራ ጽሑፋቸው ወጣ። ርዕሱ ደረቅ ነው፤ የአስቴሪዮኔላ ቁጥር መዋዠቅ ከፈንገስ ወረርሽኝ ጋር ያለው ግንኙነት። ውስጡ ያለው ግን ከባድ ነገር ነው። የታመሙት መቶኛ ከፍ ሲል የሕያዋኑ ቁጥር ይወድቃል። አንድ ወረርሽኝ አንድን ሕዝብ ሲያጠቃ የምናየው ኩርባ፣ በኮሮና ጊዜ በየማታው በቴሌቪዥን ስናየው የነበረው ዓይነት፣ በሐይቅ አልጌ ላይ ተሥሎ ወጣ። ከዚያ በፊትም ፈንገሱን ያዩ ሰዎች ነበሩ። ማየትና መቁጠር ግን ለየቅል ናቸው። ያየ ሰው "አለ" ይላል። የቆጠረ ሰው ግን "ይህን ያህል አደረገ" ይላል።

በዓመቱ፣ በ1949፣ ሂልዳና ጆን ተጋቡ። ጽሑፎቻቸውም ቀጠሉ፤ በ1951፣ በ1953፣ በ1969...

*

እስኪ አሁን ገዳዩ እንዴት እንደሚገድል እንይ። ባዮሎጂ ክፍሌ ውስጥ የነበራችሁ ይህን ትወዱታላችሁ።

አብዛኛው ሰው ፈንገስ ሲባል እንጉዳይ ወይም ዳቦ ላይ የሚወጣ ሻጋታ ነው የሚታየው፤ ቦታውን የማይለቅ ነገር። ኪትሪድ ግን ይዋኛል። ዘሩ ዙስፖር ይባላል፤ ከ2 እስከ 5 ማይክሮሜትር ብቻ የሆነች፣ ከኋላዋ አንድ ጅራት ያላት ክብ ሕዋስ ናት። አንድ ማይክሮሜትር ማለት የሚሊ ሜትር አንድ ሺህኛ ነው። ይቺ ዋናተኛ ውኃው ውስጥ እየተንቀሳቀሰች የምትጠቃ አልጌ ትፈልጋለች። ስታገኝ ትለጠፋለች፣ ጅራቷን ትጥላለች፣ ከዚያ ቀጭን ሥር መሰል ክር ወደ ሕዋሱ ውስጥ ትሰዳለች። መስተዋቱ ቤት ስፌት አለው፤ ክሩ መግቢያ አያጣም።

ከዚያ በኋላ ያለው ነገር ያሳዝናል። አልጌዋ የሠራችው ምግብ በክሩ በኩል ወደ ውጭ ይመጠጣል። አረንጓዴ ቡኒ የነበረው ውስጧ ይጨማደዳል። ውጭ ያለችው ምንቸት ደግሞ እያበጠች ትሄዳለች። በጥቂት ቀናት ውስጥ ትከፈትና ብዙ አዳዲስ ዋናተኞች ይፈልቃሉ። እያንዳንዳቸው ሌላ ቤት ፍለጋ ይሄዳሉ። የተያዘችው ሕዋስ አትድንም። ይህ ጉንፋን አይደለም፤ ገብቶ የሚምር በሽታ አይደለም።

ሕጉ ደግሞ እንደማንኛውም ወረርሽኝ ነው። ኮከቦቹ በጣም ሲበዙና ሲቀራረቡ ዋናተኛዋ ሌላ ቤት ለማግኘት አትደክምም። ሲሳሱ ግን መንገድ ላይ ትሞታለች። "ርቀታችሁን ጠብቁ" የተባልነው ለዚህ አልነበር?

ፈንገሱ ራሱም ሰላም የለውም። ሮዜላ የሚባል ወገን አለ፤ ኪትሪዶችን ራሳቸውን እያጠቃ የሚኖር። የሌባ ሌባ በሉት።

በ1978 ሂልዳ ካንተር ያዎርስኪ ከሚባል የሥራ ባልደረባዋ ጋር ሌላ ከባድ ሥራ ሠራች። እሷ ራሷ ስም ያወጣችለትን ራይዞፊዲየም ፕላንክቶኒከም የተባለ ፈንገስ ከሐይቅ አውጥተው፣ ከአስቴሪዮኔላ ጋር በላቦራቶሪ ማኖር ቻሉ። ከዚያ በኋላ መጠየቅ ተቻለ። ጨለማ ውስጥ ቢሆንስ? ዋናተኞቹ በጨለማ በሽታውን ማስያዝ እንደሚሳናቸው አገኙ። ሁሉንም አስቴሪዮኔላ እኩል ያጠቃል ወይ? አያጠቃም፤ አንዱን ዘር የያዘው ፈንገስ ሌላውን ዘር የማይነካበት ሁኔታ አለ። የእኛ ገበሬና የእርሻ ባለሙያ ይህን ነገር ከስንዴና ከዋግ ያውቁታል።

ባልየውም ዝም ብሎ አልተቀመጠም። ከ1970 ጀምሮ ብሌልሃም ታርን በሚባል ትንሽ ሐይቅ ውስጥ ከጎማ የተሠሩ ግዙፍ ቱቦዎች ተተከሉ፤ አንዱ ወርዱ 45 ሜትር ገደማ ነው። ከላይ እስከ ታች እስከ ጭቃው ድረስ ውኃውን ከልለው ይይዛሉ። ሐይቅ ውስጥ ሌላ ሐይቅ! በዚያ ውስጥ ምግቡን እየጨመሩ እየቀነሱ የአልጌውን ጠባይ ያጠኑ ነበር። እስከ ዛሬ "የላንድ ቱቦዎች" ነው የሚባሉት።

*

"እሺ መምህር፣ ታዲያ ምን ይጠቅማል?" የምትሉ እንዳላችሁ አውቃለሁ። ይህን ጥያቄ በክፍል ውስጥ በየሳምንቱ እሰማዋለሁ፤ አልቆጣበትም። ተገቢ ጥያቄ ነው። ደግሞም ገንዘብ የሚመድብ ሰው ሁሉ የሚጠይቀው እሱን ነው። በ1948 ለሂልዳና ለጆን ቢቀርብላቸው ኖሮ ምን ይመልሱ ነበር? ምናልባት "አስቴሪዮኔላ የከተማ ውኃ ማጣሪያ ትደፍናለች" ይሉ ይሆናል፤ እውነት ነው፣ ትደፍናለች። ትልቁ መልስ ግን በዚያን ጊዜ ገና አልተወለደም ነበር። ሦስት ምሳሌ ልስጣችሁ።

አንደኛ፣ የአየር ንብረት። ኔዘርላንድስ ውስጥ ዩትሬክት አጠገብ ማርሰፌን የሚባል ሐይቅ አለ። እዚያ ኤለን ፋን ዶንክ የተባለች ተመራማሪ ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ የአስቴሪዮኔላንና የፈንገሷን ጉዳይ ተከታተለች። የተገኘው ነገር ይገርማል። ውኃው ከ3 ዲግሪ ሴልሺየስ በታች ሲቀዘቅዝ ፈንገሱ ይደነዝዛል፤ አስቴሪዮኔላ ግን በዝግታም ቢሆን ማደግ ትችላለች። ስለዚህ ከባድ ብርድ ለእሷ መሸሸጊያ ነው፤ ጠላቷ ሲተኛ እሷ ትበዛለች። ክረምቱ ለስላሳ ከሆነ ግን ፈንገሱ ሳይተኛ ይከርማል፣ እሷም ገና ቀና ሳትል ትመታለች። ከእሷ ይልቅ ሌሎች ዲያተሞች ቦታውን ይይዙታል። በ2011 የታተመ ጥናት የብዙ ዓመት ቆጠራውን ገምግሞ፣ ሙቀት ሲጨምር የጸደዩ የአስቴሪዮኔላ ብዛት ሳይመጣ ሊቀር እንደሚችል አሳየ። አንድ ሁለት ዲግሪ ለእኛ ምንም አይመስለንም። ለሐይቁ ግን ማን እንደሚኖርና ማን እንደሚሞት የሚወስን ነው።

ሁለተኛ፣ የምግብ ጉዳይ። በሐይቅ ውስጥ ዳፍኒያ የምትባል የውኃ ቁንጫ አለች፤ የትንንሽ ዓሦች ዋና ምግብ ናት። ዳፍኒያ አልጌ ትበላለች፣ ግን የአስቴሪዮኔላ ኮከብ ትልቅ ስለሆነ ለመዋጥ ያስቸግራታል። ስለዚህ ሐይቁ በኮከብ ሲሞላ ምግቡ ሞልቶ ተርፎ እሷ ትራባለች። ማይኮ ካጋሚ የተባለች ጃፓናዊት ተመራማሪና ባልደረቦቿ በ2007 ያሳዩት ይሄ ነው፦ ፈንገሱ ኮከቧን ይበላል፣ ከዚያ ወደ ትንንሽ ዋናተኞች ይለውጣታል፤ ዳፍኒያ ደግሞ ዋናተኞቹን ትበላለች። ዋናተኞቹ በስብና በኮሌስትሮል የበለጸጉ ናቸው፤ ለእሷ ድግስ ነው። የማይበላው ተፈጭቶ ተበላ ማለት ነው። ይህ መንገድ ማይኮሉፕ የሚል ስም ተሰጥቶታል። እነዚሁ ሰዎች በ2004 ሌላም ነገር አሳይተው ነበር፤ ዳፍኒያ ዋናተኞቹን ስትበላ የበሽታውን ስርጭት ስለምትቀንስ አስቴሪዮኔላን ትጠብቃታለች። ስለዚህ ያ ገዳይ ያልነው ጥገኛ፣ ከሌላ አቅጣጫ ሲታይ፣ በተዘጋ መንገድ ላይ የተሠራ ድልድይ ሆኖ ተገኘ።

ታዲያ ይህ ሁሉ ለምን ቆየ? አንዱ ምክንያት ዋናተኞቹ ባለጅራት ክብ ነገር ሆነው ከሌሎች ባለጅራት ነጠላ ሕዋሳት ስለማይለዩ ነው። ብዙ ቆጣሪዎች "ያልታወቀ ባለጅራት" እያሉ ያልፏቸው ነበር። የዲኤንኤ ምርመራ ሲመጣ ከእነዚያ ብዙዎቹ የኪትሪድ ልጆች ሆነው ተገኙ። ስም ያልተሰጠው ነገር ፊት ለፊትህ ቆሞም አይታይህም።

ሦስተኛው ምሳሌ እኛንም ይነካል። በ1990ዎቹ በተለያዩ አህጉራት እንቁራሪቶች በጅምላ እያለቁ ነበር፤ ምክንያቱ ግራ ገባ። ዋሽንግተን በሚገኘው የአሜሪካ ብሔራዊ የእንስሳት ማቆያ ውስጥም እንቁራሪቶች ሞቱ፤ ቆዳቸው ላይ እንግዳ ተሕዋስ ታየ። ምን እንደሆነ የለየችው ጆይስ ሎንግኮር ናት፤ በሜይን ዩኒቨርሲቲ ኪትሪድ የምታጠና ሴት። ማንም ከቁብ የማይቆጥረውን ፈንገስ ስታጠና የኖረች። እሷና ሁለት ባልደረቦቿ በ1999 ስም አወጡለት፦ ባትራኮኪትሪየም ዴንድሮባቲዲስ። ኪትሪድ ነው! የዚያች የምንቸት ዘመድ። በ2019 የወጣ ጥናት ይህ በሽታ ቢያንስ 501 የእንቁራሪትና መሰል ፍጥረታት ዝርያዎች እንዲመነምኑ ምክንያት መሆኑን፣ ከእነሱም 90 ያህሉ ጠፍተዋል ተብሎ እንደሚገመት አስታውቋል። በ2012 በታተመ ጥናት ደግሞ ይኸው ፈንገስ በኢትዮጵያ ደጋማ ቦታዎች ባሉ እንቁራሪቶች ላይ በብዛት ተገኝቷል። የእኛ ደጋ በዓለም ሌላ ቦታ የማይገኙ እንቁራሪቶች ያሉበት መሆኑን አትርሱ።

አሁን ጥያቄውን ልመልሰው። ኪትሪድን ለማጥናት እንቁራሪት እስኪያልቅ ብንጠብቅ ኖሮ ማን ይለይልን ነበር? ጭንቅ ሲመጣ የሚያስፈልገው እውቀት ጭንቁ ከመምጣቱ በፊት "ምን ይጠቅማል" እየተባለ የተሰበሰበው ነው። ጎተራ የሚሞላው በጥጋብ ጊዜ ነው።

*

አንድ ነገር ልጨምርና ላብቃ፤ እኔን ከሁሉም በላይ የሚነካኝ እሱ ስለሆነ።

የምናስተምርበትን ሁኔታ ታውቁታላችሁ። በአንድ ክፍል ስልሳ ተማሪ፣ አንድ ማይክሮስኮፕ፣ እሱም መብራቱ አንዳንዴ የሚሠራ አንዳንዴ የማይሠራ። ተማሪዎቼ ሳይንስ ሲባል የሚታያቸው ሮኬትና በብዙ ሚሊዮን ዶላር የሚገዛ ማሽን ነው። ስለዚህ "እኛ አገር ሳይንስ አይሠራም" ብለው ደምድመው ይወጣሉ። ይህ ድምዳሜ ከመሣሪያ እጦቱ በላይ ያሳስበኛል። መሣሪያ አንድ ቀን ሊገዛ ይችላል። "እኛ አንችልም" ያለ ልጅ ግን መሣሪያው ሲመጣም አይነካውም።

የዊንደርሚሩን ሥራ በመሣሪያ እንመዝነው፦ ጀልባ፣ የውኃ መቅጃ ቱቦ፣ ጠርሙስ፣ አዮዲን፣ ማይክሮስኮፕ፣ ደብተር። ከእነዚህ ውስጥ በአገራችን የማይገኝ የቱ ነው? ከባዱ ነገር በዝርዝሩ ውስጥ የለም። ከባዱ በሚቀጥለው ሳምንት ተመልሶ መሄድ ነው። ከዚያም በሚቀጥለው። በ1945 የተጀመረው የሐይቁ ምዝገባ ሰዎች እየተቀባበሉት እስከ ዛሬ ቀጥሏል፤ ሰማንያ ዓመት ገደማ መሆኑ ነው። የመጀመሪያዎቹን ቁጥሮች የጻፈው ሰው ስለ ዓለም ሙቀት መጨመር ብሎ አልጻፋቸውም። ዛሬ ግን ስለ ሙቀቱ ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ወደ እነዚያ ቁጥሮች ይመለሳል። ያለፈ ሳምንትን በገንዘብ መግዛት አይቻልም፤ ያኔ ካልተቆጠረ ቀረ።

እኛ እኮ መመዝገብ እንግዳ የሆነብን ሕዝብ አይደለንም። የገዳም ድርሳን ጠርዝ ላይ ረሃብና አንበጣ የመጣበትን ዓመት ጽፈው ያለፉ አባቶች ልጆች ነን። ዓመት ከዓመት ቀን የሚቆጥር የባሕረ ሐሳብ ሊቅ ያለን ነን። የጎደለን አንድ ሰው የጀመረውን ሌላው ተቀብሎ መቀጠል ይመስለኛል።

ጆን ላንድ 102 ዓመት ኖሮ በ2015 አረፈ። ሂልዳ ቀድማው በ2007 ሄዳለች። በ1995 አብረው ያሳተሙት የአልጌ መጽሐፍ በእሷ የማይክሮስኮፕ ፎቶዎች የተሞላ ነው። ዛሬ የብሪታንያ የአልጌ ባለሙያዎች ማኅበር በየዓመቱ የሚሸልመው የአልጌ ፎቶ ውድድር በእሷ ስም ይጠራል። ማንም ላላለቀሰለት ወረርሽኝ ዕድሜዋን ለሰጠች ሴት ጥሩ መታሰቢያ ነው።

ለእናንተ ደግሞ የቤት ሥራ አለኝ፤ መምህር ነኝና አትፍረዱብኝ። በአጠገባችሁ ያለ አንድ ነገር ምረጡ። የጉድጓዳችሁ ውኃ ጥልቀት ይሁን፣ የመጀመሪያው ዝናብ የጣለበት ቀን፣ ደጃችሁ ያለው ዛፍ ያበበበት ሳምንት፣ ወንዙ የጠራበትና የደፈረሰበት ጊዜ። ደብተር ግዙና ቀን እየጻፋችሁ መዝግቡ። ምን እንደሚጠቅም አሁን አልነግራችሁም፤ እኔም አላውቀውም። የሚያውቀው ደብተሩን ከሃምሳ ዓመት በኋላ የሚከፍተው ሰው ነው።

የጀመራችሁ ካላችሁ ምን እየመዘገባችሁ እንደሆነ ኮሜንት ላይ ጻፉልኝ። በተለይ አስተማሪ የሆናችሁ የቀድሞ ተማሪዎቼ፣ ክፍላችሁን አስጀምሩት። ቸር ሰንብቱ።